አባቴ በቀን 12 ሰዓት ይጠብቃል፤ ከዝቅተኛ ደመወዝ በታች ተከፈለው ብዬ መክሰስ እችላለሁ?

የዘበኛው ልጅ፦

ሰላም ለዚህ ቤት። ጥያቄው የአባቴ ነው። እሱ ስልኩን ለመደወልና ለማንሳት ብቻ ስለሚጠቀምበት እኔ እጽፍለታለሁ።

አባቴ በአንድ የጥበቃ ኤጀንሲ በኩል ተቀጥሮ መጋዘን ይጠብቃል። ሁለት ዓመት ከሦስት ወር ሆነው። ደመወዙ 5,200 ብር ነው። አንድ ሳምንት ቀን ይገባል፣ አንድ ሳምንት ሌሊት። የቀኑ ከጠዋቱ 12 እስከ ምሽቱ 12፣ የሌሊቱ ከምሽቱ 12 እስከ ጠዋቱ 12። በሳምንት አንድ ቀን ያርፋል። ኦቨርታይም የሚባል ነገር እጁ ገብቶ አያውቅም።

የሥራ ባልደረባዬ «በየአገሩ ሚኒመም ዌጅ የሚባል አለ፣ ከዚያ በታች የከፈለ ይከሰሳል» አለኝ። የኛ ስንት ነው? አባቴን ከዚያ በታች እየከፈሉት ከሆነ ልክሰስለት ብዬ ነው።

ሁለት ነገር ያስፈራኛል። አንደኛ፣ በየወሩ ፔሮል ላይ «ተቀብያለሁ» ብሎ ይፈርማል። ሁለተኛ፣ እሱ ራሱ አይፈልግም። ትናንት ሳነሳበት «ተው፣ እንጀራዬን አታዘጋብኝ» ብሎ ፊቱን አዞረ።

—

ሁሉን ያየ፦

ወንድም፣ አባትህ ልክ ናቸው። በዚህ ዘመን ሥራ ያለው ሰው ዝም ይላል። ከበር ውጭ መቶ ሰው ተሰልፏል። ከሰሃቸው ማግስት ዩኒፎርሙን መልስ ይባላሉ።

—

የቀድሞዋ ፔሮል፦

ወንድሜ፣ እኔ ስድስት ዓመት ፔሮል ሠርቻለሁ። የጥበቃም፣ የጽዳትም። ስለዚህ የአባትህ ኦቨርታይም የት እንደሚጠፋ ልንገርህ። አይጠፋም። መጀመሪያውኑ ወደ ፔሮሉ አይገባም።

ከየሳይቱ እኔ ጋ የሚመጣ ወረቀት ነበር። ስም አለ፣ የተገኘበት ቀን ብዛት አለ፣ ፊርማ አለ። ሰዓት የሚል ዓምድ የለም። 26 ቀን ከተጻፈ ሙሉ ደመወዝ። 25 ከተጻፈ የአንድ ቀን ይቆረጣል። ሰውየው ሲቀር ይቆጠራል፣ ሲተርፍ አይቆጠርም። አንድ ጊዜ ልቤ አላስችለው ብሎ «ሰዓት» የሚል ዓምድ በእስክሪብቶ ጨመርኩና ለሱፐርቫይዘሮቹ ላክሁ። በሚቀጥለው ወር ፎርሙ ተመልሶ መጣ፣ ዓምዴ በነጭ ማጥፊያ ተቀብቶ። ከሥሩ የጻፍኩት ግን ወደ ብርሃን ስታዞረው ይታይ ነበር።

መጀመሪያ መጥፎውን ልጨርስ። አገራችን ውስጥ ለግል ድርጅት ሠራተኛ በቁጥር የተቆረጠ የደመወዝ ወለል የለም። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የደመወዝ ቦርድ ይኖራል ይላል። መንግሥት፣ አሠሪና ሠራተኛ የሚወከሉበት፣ ጥናት እያየ ዝቅተኛውን ደመወዝ በየጊዜው የሚከልስ ቦርድ። ይህን እስከምጽፍበት ድረስ ግን ቁጥር ይዞ የወጣ ነገር አላየሁም። ስለዚህ «5,200 ከወለሉ በታች ነው» ብለህ ብትከስ ዳኛው «የትኛው ወለል?» ነው የሚልህ። ድርጅቱ የሠራተኛ ማኅበርና የኅብረት ስምምነት ካለው፣ እዚያ ላይ የተጻፈው መነሻ ደመወዝ ለእነሱ እንደ ወለል ነው። ኤጀንሲ ላይ ይህን ማግኘት ግን ብርቅ ነው።

አሁን ወደ ጥሩው። ወለሉን እርሳው፣ ሰዓቱን ያዝ። አዋጁ መደበኛ የሥራ ሰዓት በቀን ከ8፣ በሳምንት ከ48 አይበልጥም ይላል። አባትህ በሳምንት 72 ሰዓት ነው የሚሠሩት። ደመወዛቸው የ48ቱ ነው። 24ቱን በነጻ ሰጥተዋል።

እስክሪብቶ ያዝ፣ ፔሮል እንደምንሠራው እናስላ። በሳምንት 48 ሰዓት በ52 ሳምንት አባዝተህ ለ12 ወር ስታካፍለው በወር 208 ሰዓት ይመጣል። 5,200ን ለ208 አካፍል። ሰዓቱ 25 ብር ነው።

የትርፍ ሰዓት ተመኑ አንቀጽ 68 ላይ ነው። ከንጋቱ 12 እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት ድረስ የተሠራ በ1.5 ይባዛል። ከምሽቱ 4 እስከ ንጋቱ 12 በ1.75። በሳምንት ዕረፍት ቀን በ2፣ በሕዝብ በዓል በ2.5።

ቀን የገቡ ዕለት ስምንቱ ሰዓት ከቀኑ 8 ላይ ያልቃል። ከ8 እስከ 12 ያለው አራት ሰዓት ትርፍ ነው፣ በ37.50 ሲመታ 150 ብር። ሌሊት የገቡ ዕለት ስምንቱ ከሌሊቱ 8 ላይ ያልቃል። ከዚያ እስከ ንጋት ያለው አራት ሰዓት በ43.75 ሲሰላ 175 ብር። የቀን ሳምንት 900፣ የሌሊት ሳምንት 1,050። ግማሽ ዓመት፣ ማለትም 26 ሳምንት ብትወስድ፣ 13ቱ ቀን 13ቱ ሌሊት፣ 25,350 ብር ነው። በዓል ሳይጨመር። የአምስት ወር ደመወዝ ሊሞላ ምንም አልቀረውም።

ለምን የግማሽ ዓመት ብቻ አሰላሁ? እዚህ ጋ ቀስ ብለህ አንብብ። የደመወዝ፣ የትርፍ ሰዓትና የመሳሰሉት ክፍያዎች ጥያቄ መከፈል ከነበረበት ቀን ጀምሮ በ6 ወር ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ፣ ማለትም በመክሰሻ ጊዜ ገደብ፣ ይታገዳል። ሁለት ዓመት ከሦስት ወር ብለሃል። ከዚህ ውስጥ አንድ ዓመት ከዘጠኝ ወሩ፣ እንደ እኔ ግምት፣ ሄዷል። አባትህ ዝም ባሉ ቁጥር ደግሞ በየወሩ ከኋላ አንድ ወር ይቆረጣል። ከላይ «ዝም በል» ያልከው ወንድም ዝምታ ነጻ መስሎህ ከሆነ በወር ወደ 4,000 ብር ያወጣል።

ይርጋውን ከመጽሐፍ አይደለም የተማርኩት። ዓመታዊ ሒሳብ ስንዘጋ ሐምሌን በሙሉ እስከ ምሽቱ 3 ሰዓት አመሸሁ። ኦቨርታይሜን ስጠይቅ አለቃዬ «በጀት ይለቀቅና» አለኝ። መስከረም ላይ ጠየቅሁ፣ «ትንሽ ታገሺ» አለኝ። ጥር ላይ «እንዴ፣ ያንቺን እረሳዋለሁ?» አለኝ፣ ትከሻዬን መታ መታ እያደረገ። ደግ ሰው ነበር፣ እሱ ነው የጎዳኝ። ግንቦት ላይ ለቅቄ ስከስ የተከሳሽ ጠበቃ አንድ መስመር ብቻ ተናገረ። «የሐምሌው ጥያቄ በይርጋ ቀሪ ይሁንልን።» ቀሪ ሆነ። ዳኛዋ ቃል የተገባልሽ በጽሑፍ ነው ወይ ብላ ጠይቃኝ ነበር። ትከሻ መታ ማድረግ ሰነድ አይሆንም።

በጽሑፍ ቢሆን ኖሮ ነገሩ ሌላ ነበር። አሠሪው መብቱን በግልጽ ካመነ ይርጋው ይቋረጣል። ጉዳዩ ለሚመለከተው አካል ከቀረበም እንዲሁ። አብራኝ የምትሠራ ልጅ ከእኔ ትበልጥ ነበር። «ክፍያው ተጣርቶ በሚቀጥለው ሩብ ዓመት ይፈጸማል» የሚል ማኅተም ያለበት ደብዳቤ አጽፋ ይዛ ነበር። እሷ አገኘች።

የፊርማው ነገር አያስፈራህ። ሠራተኛው ፔሮል ላይ ያለውን የተጣራ ሒሳብ ሳይቃወም ተቀበለ ማለት ቀሪ መብቱን ተወ ማለት አይደለም ይላል አዋጁ። እንዲያውም አሠሪው ጥቅል ደመወዙን፣ የተቀነሰውን፣ የቀነሰበትን ምክንያትና የተጣራውን የሚያሳይ መዝገብ መያዝ አለበት። ሠራተኛው ሲጠይቅም ማሳየትና ማስረዳት። ስድስት ዓመት ሙሉ ያንን መዝገብ እንዳስረዳው የጠየቀኝ ዘበኛ ሁለት ብቻ ነው። አንዱ ጡረታ የወጡ የመቶ አለቃ ነበሩ፣ መነጽራቸውን አድርገው መስመር በመስመር ነው ያስነበቡኝ።

—

ሱፐርቫይዘር ነኝ፦

የሌላውንም ወገን ስሙ እንጂ። ጥበቃ እኮ እንደ ፋብሪካ አይደለም። ከሌሊቱ 8 ሰዓት በኋላ ማን ነቅቶ ያድራል? ሳይት ስዞር ጋቢ ውስጥ ነው የማገኛቸው። ውሉ ላይም «12 ሰዓት ፈረቃ» ተብሎ ተጽፎ ፈርመዋል። ኤጀንሲው ደግሞ ከደንበኛው የሚያገኘው በጨረታ የታነቀ ዋጋ ነው። ኦቨርታይም ልክፈል ካለ ጨረታውን ይሸነፋል። እኔም ተቀጣሪ ነኝ፣ አትፍረዱብኝ።

—

የቀድሞዋ ፔሮል፦

አልፈርድብህም። ዓምዴን በነጭ የቀባው ሱፐርቫይዘር እንኳ ታዝዞ ነው።

ግን ሁለቱም መልስ ችሎት ፊት አያስኬድህም። መደበኛ የሥራ ሰዓት ማለት ሠራተኛው ሥራ የሚሠራበት ብቻ ሳይሆን ለሥራ ራሱን ዝግጁ ያደረገበትም ጊዜ ነው። ዘበኛ ደግሞ የሚሸጠው መገኘቱን ነው። ተኝቶ ከተገኘ በዲሲፕሊን ጠይቀው እንጂ ሰዓቱን አትሰርዝ። «በ12 ሰዓት ተስማምቷል» የሚለውም እንዲሁ። ሕግ ከሰጠው በታች በውል ማውረድ አይቻልም። እንዲያውም ትርፍ ሰዓት በቀን ከ4፣ በሳምንት ከ12 እንዳይበልጥ ነው የተደነገገው። የዚህ ልጅ አባት በሳምንት 24 ነው። ያ ውል ለእናንተ መከላከያ ሳይሆን ለእሳቸው ማስረጃ ነው።

የጨረታው ነገር እውነት ነው፣ አውቀዋለሁ። ዋጋ ሲሰላ ጠረጴዛው ጥግ ተቀምጬ አይቻለሁ። መብራት ይታሰባል፣ ዩኒፎርም ይታሰባል፣ የአለቃው መኪና ነዳጅ ይታሰባል።

—

ችሎት ለመድ፦

እህታችን ዋናውን ብላዋለች። እኔ ፍርድ ቤት አካባቢ ስለምውል ስለ አካሄዱ ጥቂት ልጨምር።

ወንድሜ፣ የግል የሥራ ክርክር የሚታየው በመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ነው። ለዳኝነት ክፍያ የለበትም። ይህን የማያውቅ ሰው ብዙ ነው፣ «ገንዘብ የለኝም» ብሎ ቤቱ የሚቀመጠውም በዚሁ ነው። ችሎቱ በ60 ቀን ውስጥ እንዲወስን ሕጉ ያዛል። ቀጠሮ ሲገፋ ሊረዝም ይችላል፣ አትደንግጥ። ያልተስማማ ወገን በ30 ቀን ውስጥ ይግባኝ ይላል።

ጠበቃ ግዴታ አይደለም። አንተ ልጃቸው ስለሆንክ ውክልና ሰጥተውህ ልትቆምላቸው ትችላለህ። በአቅራቢያህ የሕግ ትምህርት ቤት ያለው ዩኒቨርሲቲ ካለ ነጻ የሕግ ድጋፍ ማዕከሉን ጠይቅ። ፍርድ ቤት በር ላይ ጥላ ሥር ተቀምጠው ማመልከቻ የሚጽፉም አሉ። ጎበዞች አሉባቸው፣ ግን ሒሳቡን አንተ ሠርተህ ሂድ። «ተገቢው የትርፍ ሰዓት ክፍያ ይከፈለኝ» ብለው በደፈናው የጻፉት ክስ ብዙ ጊዜ አይቻለሁ። ዳኛው ስንት ነው ሲል ከሳሹ ጣሪያ ጣሪያ ያያል። በየወሩ፣ በየሳምንቱ፣ በብርና በሳንቲም አስቀምጠው።

ተከሳሹ ማን ነው? ውሉ ከኤጀንሲው ጋር ከሆነ፣ ደመወዙንም የሚከፍለው እሱ ከሆነ፣ አሠሪው ኤጀንሲው ነው። መጋዘኑ አይደለም። የጽሑፍ ውል ባይኖራቸውም መብታቸው አይቀርም። የቃል ውልም ውል ነው።

ከባዱ ማስረጃው ነው። ትርፍ ሰዓት የሚባለው በአሠሪው ትእዛዝ ሲሠራ ነው፤ ተከሳሹ «ማን እደር አለው?» ብሎ ሊክድ ይችላል። ስለዚህ የፈረቃ ፕሮግራሙን ፈልግ። ግድግዳ ላይ ከተለጠፈ በስልክ አንሳው። በር ላይ የርክክብ መዝገብ አለ አይደል? ተረኛው ሲረከብ ሰዓቱን ጽፎ የሚፈርምበት። እሱ ወርቅ ነው። መዝገቡ በእነሱ እጅ ስለሆነ «በተከሳሽ እጅ ያለው ሰነድ ይቅረብልኝ» ብለህ ክሱ ላይ ጠይቅ። ተለዋጭ ተረኛቸውን ደግሞ ምስክር ቁጠር።

ስለ መባረሩ፦ ቅሬታ ማቅረብ ወይም መክሰስ ውል ለማቋረጥ ሕጋዊ ምክንያት እንደማይሆን አዋጁ በግልጽ አስቀምጧል። ይህ አያባርሩም ማለት አይደለም። ካባረሩ ወደ ሥራ ልመለስ የሚለው ጥያቄ በ3 ወር ውስጥ መቅረብ አለበት፣ ይህንንም አትርሳ። ቢለቅቁ ወይም ቢሰናበቱ ደግሞ የሚገባቸው ክፍያ በ7 የሥራ ቀን ውስጥ መከፈል አለበት። ካዘገዩ ፍርድ ቤቱ በአንቀጽ 38 መሠረት እስከ ሦስት ወር ደመወዝ ሊጨምርባቸው ይችላል።

—

የቀድሞዋ ፔሮል፦

በአንቀጽ 38 አንድ ወር አግኝቻለሁ። ሐምሌዬን ግን አሁንም አልረሳሁትም።

—

ብርቱካን፦

ይቅርታ በመሀል ገባሁ። ይሄ ለቤት ሠራተኛም ይሠራል? እህቴ ሰው ቤት ነው ያለችው፣ የአራት ወር አልከፈሏትም።

—

ችሎት ለመድ፦

እህት ብርቱካን፣ የቤት ውስጥ ሥራ ከዚህ አዋጅ ውጭ ነው። ኦቨርታይሙም፣ ተመኑም አይሠራላትም። ግን ሠርታ የተስማማችበትን ደመወዝ አልከፈሉም ማለት ውል አልፈጸሙም ማለት ነው፣ በፍትሐ ብሔር ትጠይቃለች። ለብቻው ጥያቄ ክፈቺ፣ እዚህ እንዳይጠፋብሽ።

—

የዘበኛው ልጅ፦

ሁላችሁንም እግዜር ይስጥልኝ። እህቴ፣ ሒሳቡን ወረቀት ላይ ገልብጬ ለአባቴ አሳየሁት። 25,350 የሚለውን ሲያይ ሳቀ። «ይህን ሁሉ እኔ ሠርቼ?» አለ። ከዚያ ዝም አለ። ረጅም ዝምታ ነበር።

ቆይቶ ተነሣና ከአልጋው ራስጌ የግድግዳ ካላንደር አውርዶ ሰጠኝ። የአምናውንና የዘንድሮውን። ለካ በየቀኑ ሣጥን ውስጥ በእስክሪብቶ ምልክት ያደርግ ነበር። ቀን የገባበት «ቀ»፣ ሌሊት የገባበት «ሌ»፣ ያረፈበት ክብ። ጥምቀት ላይ «ሌ» አለ። ፋሲካ ላይ «ቀ» አለ። ለምን እንደሚጽፍ ስጠይቀው «ተረኛዬ ሲጨቃጨቀኝ ለማሳየት» አለኝ። ክስ አስቦ አይደለም።

አንድ ቦታ ላይ ተለዋጩ ሳይመጣ ቀርቶ 24 ሰዓት የቆመበት ቀን አለ። «ቀ» እና «ሌ» አንድ ሣጥን ውስጥ ተጣበው ተጽፈዋል።

ጥያቄዬ፣ ካላንደሩ ማስረጃ ይሆናል? ጳጉሜንስ እንዴት ነው የማስላው? እዚያም አራት «ሌ» አለ።

—

ችሎት ለመድ፦

ይሆናል፣ ብቻውን ግን አይቁም። ራሱ የጻፈው ስለሆነ ተከሳሹ ይቃወመዋል። ከበሩ የርክክብ መዝገብ ጋር ቀን በቀን ከተገጠመ ግን ሌላ ነገር ነው። ዋናውን ለማንም አትስጥ። ፎቶ አንሳ፣ ኮፒ አድርግ፣ ክሱ ላይ ኮፒውን አያይዝ፣ ዋናውን ችሎት ስትጠየቅ አሳይ።

—

የቀድሞዋ ፔሮል፦

የጳጉሜ ነገር እኛንም ቢሮ ውስጥ ሲያጨቃጭቀን ነው የኖረው። በወር ለሚከፈለው ሰው ለጳጉሜ ለብቻ ደመወዝ አንሠራም ነበር፣ ልማዱ እንደዚያ ነው። ኦቨርታይም ግን በወር ሳይሆን በሰዓት ነው የሚታሰበው። ጳጉሜ 3 ሌሊት የተሠራ አራት ሰዓት ያው 175 ብር ነው። ከ6 ወሩ ውስጥ ከሆነ አራቱንም «ሌ» አስገባ፣ 700 ብር።

የፋሲካውን ትርፍ ሰዓት በ2.5 ለብቻው አስላ። የ24 ሰዓቱን ቀንም ከሌላው ጋር አትቀላቅል፣ በተራ ቁጥር ለብቻው አስፍረው። የካላንደሩን ቅጠሎች በወር ከፋፍለህ ብትልክልኝ ቅዳሜ ከሰዓት ቁጭ ብዬ በሠንጠረዥ እሠራልሃለሁ። «ሰዓት» የሚል ዓምድ ይኖረዋል።